ከመልስ ወረቀት እስከ አይኪው ቁጥር፦ የማሰብ ችሎታ ፈተና አሰጣጥ፣ አስተራረምና አነባበብ

በማሰብ ችሎታ ፈተና ውጤት ላይ የሚገኙት ስህተቶች ብዙዎቹ ተራ የእጅ ስህተቶች ናቸው። እድሜ በትክክል አልተሰላም፣ ሲደመር ነጥብ ተዘሏል፣ የማይሆን ሠንጠረዥ ተገልጧል። ሪፖርቱ ከታተመ በኋላ ግን ይህ ሁሉ አይታይም፤ አንባቢው የሚያየው «አይኪው 84» የሚለውን ብቻ ነው። ይህ መመሪያ አንድ ውጤት ከመልስ ወረቀት ተነስቶ ሪፖርት ላይ እስኪደርስ የሚያልፍበትን መንገድ በቅደም ተከተል ይከተላል። ፈታኙ ሥራውን ይፈትሽበታል፤ ሪፖርቱ የደረሰው መምህር ወይም ወላጅ ደግሞ ምን ብሎ መጠየቅ እንዳለበት ያውቅበታል።

መጀመሪያ እድሜ

ተፈታኙ የሚነጻጸረው ከእኩዮቹ ጋር ስለሆነ እድሜው በዓመት፣ በወርና በቀን ይሰላል። የፈተናውን ቀን ከላይ፣ የልደቱን ቀን ከታች ጽፈው ይቀንሱ። ቀኑ ካልበቃ ከወሩ 30 ቀን፣ ወሩ ካልበቃ ከዓመቱ 12 ወር ይበደሩ። ፈተናው በ10/3/2024 ቢሰጥና ልጁ በ25/8/2013 የተወለደ ቢሆን፣ እድሜው 10 ዓመት ከ6 ወር ከ15 ቀን ይሆናል። 15ቱን ቀን ወደ ሙሉ ወር አያጠጋጉ። ተፈታኙ ያገኘው የነጥብ ድምር (ጥሬ ነጥቡ) ከእኩዮቹ ጋር የሚነጻጸርበት የልጆች ሠንጠረዥ በየጥቂት ወሩ እድሜ የተለያየ ስለሆነ፣ አንዲት ወር የጨመረች እንደሆነ ሌላ ገጽ ላይ ትጥላለች፤ ያው ጥሬ ነጥብም እዚያ ሌላ ዋጋ ይኖረዋል። ሁለቱም ቀኖች በአንድ የዘመን አቆጣጠር መጻፋቸውንም ያረጋግጡ። የልደት ቀን ከአንድ አቆጣጠር ወደ ሌላ ሲመለስ ዓመቱን ብቻ መደመር ወይም መቀነስ አይበቃም፤ ወሩና ቀኑም አብረው መመለስ አለባቸው።

ጠረጴዛው ላይ

ጸጥ ያለ ክፍል፣ በቂ ብርሃን፣ ለተፈታኙ ቁመት የሚመች ጠረጴዛና ወንበር ያዘጋጁ። መነጽር ወይም የመስሚያ መሣሪያ የሚጠቀም ከሆነ አድርጎት መምጣቱን ይጠይቁ። የጨለመ ስዕል ያላየ ልጅና ስዕሉን አይቶ መልሱ የጠፋበት ልጅ በመልስ ወረቀት ላይ አንድ ይመስላሉ፤ ሁለቱም ዜሮ ናቸው። እንቅልፍ ማጣትን፣ ሕመምንና የሚወሰድ መድኃኒትን በሪፖርቱ ላይ ለመጥቀስ እንዲመች አስቀድመው ይመዝግቡ።

ለተፈታኙ የሚነገረው መመሪያ ከፈተናው መጽሐፍ ቃል በቃል ይነበባል። ሠንጠረዡ የተሠራው ያንኑ ቃል በሰሙ ሰዎች ነውና፣ ለተፈታኙ በማዘን የሚጨመር አንድ ማብራሪያ እንኳ ንጽጽሩን ያፈርሰዋል። የአሃዝ መድገም ፈተና ለዚህ ጥሩ ማሳያ ነው። አሃዞቹ በሴኮንድ አንድ እየተባሉ በእኩል ፍጥነት ይጠራሉ፤ የመጨረሻው ላይ ድምፅ ዝቅ ይላል፤ ተከታታዩ አይደገምም። ስልክ ቁጥር እንደሚነገረው ሁለት ሁለት ወይም ሦስት ሦስት እያደረጉ መጥራት ግን የማስታወሱን ሥራ ግማሹን ለተፈታኙ መሥራት ነው፤ ሰው ብዙ ነገር የሚይዘው በቡድን ሲያስረው ስለሆነ። በእያንዳንዱ ርዝመት ሁለት ሙከራ አለ። ሁለቱም ካልተሳኩ ይቆማል፤ «አንዴ ልድገምልህ» የለም።

መልሱ ልክ መሆን አለመሆኑን የሚጠቁም ቃል ከአፍዎ አይውጣ። «ልክ ነው» የተባለ ልጅ በሚቀጥለው ጥያቄ ዝም ሲባል መሳሳቱን ያውቃል። ይልቅ ጥረቱን ያበረታቱ፦ «በደንብ እየሠራህ ነው፣ ቀጥል»። እስክሪብቶዎም እንዲሁ ያሳብቃል። ልክ ሲሆን ብቻ የሚጽፍ ፈታኝን ልጆች ከሦስት ጥያቄ በኋላ ይደርሱበታል። ስለዚህ ለእያንዳንዱ መልስ፣ ትክክልም ይሁን ስህተት፣ የተባለውን እንደተባለ ይጻፉ። መልሱ የተድበሰበሰ ከሆነ «እስቲ አብራራልኝ» ብለው ይጠይቁና ከመልሱ አጠገብ «ጥ» ያድርጉ። ያለዚያ ምልክት፣ ከጥያቄው በፊትና በኋላ የተባለውን በኋላ መለየት አይቻልም።

ጥሬ ነጥቡን መደመር

የአሥር ዓመት ልጅ ከጥያቄ 1 አይጀምርም። በንዑስ ፈተናው (ፈተናው ከተከፋፈለባቸው ትንንሽ ፈተናዎች በአንዱ) ሕግ መሠረት ለምሳሌ ከ5ኛው ይጀምራል፤ 5ኛውንና 6ኛውን በትክክል ከመለሰ ከ1 እስከ 4 ያሉት ሳይጠየቁ እንደተመለሱ ይቆጠራሉ። ከሁለቱ አንዱን ከሳተ ደግሞ መጽሐፉ ባዘዘው ቅደም ተከተል ወደ ኋላ ይኬዳል። በመደመር ጊዜ እጅግ የሚበዛው ስህተት እዚህ ላይ ነው፦ ወረቀቱ ላይ ባዶ ሆነው የሚታዩትን አራት ጥያቄዎች መርሳት። አራት ጥሬ ነጥብ ትንሽ ይመስላል፤ ወደ መደበኛ ነጥብ ሲቀየር ግን ልጁን ከ«አማካይ» ወደ «ከአማካይ በታች» ሊያወርደው ይችላል።

ሁለተኛው ስህተት ተቃራኒው ነው። የማቆሚያው ሕግ (ስንት ስህተት ሲደረስ እንደሚቆም የሚያዘው) ከተሟላ በኋላ ፈታኙ ሳያስተውል ቢቀጥልና ልጁ ቢመልስ፣ ያ መልስ አይቆጠርም። ከተቻለ ሌላ ሰው ፈታኙ የደመረውን ሳያይ ከባዶ ይደምር፤ የራስን ድምር እያዩ መከለስ ያንኑ ስህተት ደግሞ ማለፍ ነው።

ጥሬው ወደ መደበኛ

የልጁ ጥሬ ነጥብ 13፣ የእኩዮቹ አማካይ 16፣ የእኩዮቹ ስታንዳርድ ዴቪዬሽን (ውጤቶች ከአማካዩ በተለምዶ የሚርቁበት መጠን) 3 ነው እንበል። 13 ሲቀነስ 16፣ ለ3 ሲካፈል −1 ይሰጣል፤ ልጁ ከአማካዩ አንድ ስታንዳርድ ዴቪዬሽን ዝቅ ብሏል። በዌክስለር ፈተናዎች የንዑስ ፈተና አማካይ 10፣ ስታንዳርድ ዴቪዬሽኑ 3 ስለሆነ ይህ 7 ይሆናል። አማካዩ 100፣ ስታንዳርድ ዴቪዬሽኑ 15 በሆነው በአይኪው መለኪያ ሲጻፍ ደግሞ 85 ነው። በተግባር ስሌቱን መጽሐፉ ውስጥ ያለው ሠንጠረዥ ይሠራዋል፤ መንገዱን ማወቅ የሚጠቅመው የማይመስል ቁጥር ሲገጥም ለመጠርጠር ነው።

85 በፐርሰንታይል 16 ነው፤ ከመቶ እኩዮቹ 16 ያህሉን ይበልጣል ማለት ነው። ወላጆች ይህን «ከመቶ 16 መለሰ» ብለው ያነቡታልና በቃል ያስረዱ። የተቀሩትን ማስታወስ ይጠቅማል፦ 70 ሁለተኛው ፐርሰንታይል ላይ፣ 100 ሃምሳኛው፣ 115 ሰማንያ አራተኛው፣ 130 ዘጠና ስምንተኛው ላይ ነው። የደረጃ ቁጥር ስለሆነም 120 የ60 እጥፍ አይደለም፤ መለኪያው ዜሮ የሚባል መነሻ የለውም።

100 ከየት መጣ? አልፍሬድ ቢኔና ቴዎዶር ሲሞን እ.ኤ.አ. በ1905 ፓሪስ ውስጥ የመጀመሪያውን ፈተና ያወጡት በትምህርት ድጋፍ የሚያሻቸውን ልጆች ለመለየት ነበር። በ1912 ዊልያም ሽተርን የአእምሮ እድሜን ለእውነተኛው እድሜ ማካፈልን ሐሳብ አቀረበ፤ በ1916 ሉዊስ ቴርማን ድርሻውን በ100 ያባዛ ፈተና አሳተመ። የአሥር ዓመት ልጅን ያህል የሚሠራ የስምንት ዓመት ልጅ 125 ያገኝ ነበር። የ40 ዓመት ሰው ላይ ግን ስሌቱ ይፈርሳል፤ የ50 ዓመት ሰውን «ያህል» ማሰብ ምን ማለት ነው? ዴቪድ ዌክስለር በ1939 ባወጣው ፈተና ማካፈሉን ትቶ ከእኩዮች ርቀትን ለካ። ዛሬ በአይኪው ውስጥ ማንም እድሜን ለእድሜ አያካፍልም፤ የቀሩት «ድርሻ» የሚለው ስሙ (የ«አይኪው» «ኪው»፣ በእንግሊዝኛ quotient) እና 100 ናቸው።

ስታንዳርድ ዴቪዬሽኑ በሁሉም ፈተና 15 አይደለም። የድሮው ስታንፎርድ ቢኔ 16፣ የካቴል ፈተና 24 ይጠቀማል። «148 አለኝ» የሚል ሰው ሲገጥምዎ በየትኛው መለኪያ እንደሆነ ይጠይቁ፦ በካቴል ከሆነ 48 ለ24 ሲካፈል 2 ነው፤ ያ በዌክስለር 130 ነው። ስለ ኢንተርኔት የአሥር ደቂቃ ፈተናዎች ብዙ ማለት አያሻም፤ የተነጻጸሩበት ቡድን በፍላጎቱ የገባ ስለሆነ ቁጥሩ የማንም ደረጃ አይደለም።

አንድ ነገር ደግሞ ጀማሪዎችን ያስደነግጣል። ልጁ በአሥሩም ንዑስ ፈተናዎች 7 ቢያገኝ ጠቅላላው 85 አይሆንም፤ በንዑስ ፈተናዎቹ መካከል ያለው ተዛምዶ (አብረው ከፍና ዝቅ የማለታቸው መጠን) በአማካይ 0.5 ከሆነ ወደ 80 ይወርዳል። የስሌት ስህተት አይደለም። በአንዱ ፈተና ዝቅ ማለት ብዙ ሰው ላይ ይደርሳል፤ በአሥሩም አንድ ላይ ዝቅ ማለት ግን ብርቅ ነው፤ ብርቅ የሆነ ነገር ደግሞ ከመሐል ይርቃል።

ቁጥሩን በክልል መጻፍ

ያው ሰው ነገ ቢፈተን ያንኑ ቁጥር አያገኝም። የልዩነቱ ስፋት ከፈተናው አስተማማኝነት (ውጤቱ ምን ያህል ሳይዋዥቅ እንደሚጸና ከሚያሳይ፣ ከ0 እስከ 1 ካለ ቁጥር) ይሰላል፦ አስተማማኝነቱን ከ1 ይቀንሱ፣ ዳግም ዘሩን ያውጡ፣ በ15 ያባዙ። አስተማማኝነቱ 0.95 ከሆነ የልኬት ስህተቱ 3.35 ነው። ይህን በ1.96 ሲያባዙት 6.6 ይመጣል፤ ስለዚህ 84 ያገኘ ልጅ በ95 በመቶ እርግጠኝነት ከ77 እስከ 91 ባለው ውስጥ ነው ይባላል። አስተማማኝነቱ 0.80 ብቻ ለሆነ አጭር ፈተና ክልሉ ከ71 እስከ 97 ይለጠጣል፤ ያን ያህል ሰፊ ክልል ይዞ ስለ ልጅ ውሳኔ መስጠት ያስቸግራል።

አንዳንድ ሪፖርቶች ላይ ክልሉ በቁጥሩ ግራና ቀኝ እኩል አይደለም። ፈተናው ዝቅተኛና ከፍተኛ ውጤቶችን ወደ አማካዩ በጥቂቱ ስቦ ስለሚገምት ነው፦ 100 ሲደመር 0.95 ጊዜ −16፣ ማለትም 84.8። የኅትመት ግድፈት አድርገው አያርሙት።

ክልሉ ከምንም በላይ የሚያስፈልገው ቁጥሩ ከ70 አካባቢ ሲሆን ነው። የአእምሮ እድገት ውስንነት በአይኪው ብቻ አይወሰንም፤ በዕለት ተዕለት ኑሮ ራስን የመምራት ችሎታ መታየትና ችግሩም በልጅነት ወይም በጉርምስና ዘመን የጀመረ መሆን አለበት። 72 ያገኘን ልጅ «ከ70 በላይ ነው» ብሎ ከድጋፍ ማስወጣት፣ 69 ያገኘውን ደግሞ በዚያች ቁጥር ብቻ መፈረጅ፣ ሁለቱም የመሣሪያውን ስህተት የልጁ ማድረግ ነው።

ሠንጠረዡ የማን ነው፣ የመቼ ነው

በሃያኛው ክፍለ ዘመን በብዙ አገሮች ሰዎች በፈተናዎቹ ያገኙት ውጤት በአሥር ዓመት 3 ነጥብ ያህል ጨምሯል፤ ይህን በሰፊው ያሳየው ጄምስ ፍሊን ነው። ጭማሪው በቀጠለበት ቦታ የሃያ ዓመት ሠንጠረዥ ውጤቱን በ6 ነጥብ ገደማ ያሳብጣል። በኖርዌይና በዴንማርክ ግን ጭማሪው ቆሞ ወደ ኋላ መመለሱ ታይቷል፤ ስለዚህ ከውጤቱ በግምት 6 አይቀንሱ። የሠንጠረዡን ዓመት በሪፖርቱ ላይ ይጻፉና አዲሱን ቅጂ ይፈልጉ።

የተተረጎመ ፈተና ሠንጠረዡን ይዞ አይተረጎምም። በ1980 የወጣ የዌልስኛ ጥናት ይህን በአሃዝ አሳይቷል፦ የዌልስኛ የቁጥር ስሞች ከእንግሊዝኛው ይልቅ ለመጥራት ጊዜ ስለሚወስዱ ያው ሰው በዌልስኛ የሚይዘው አሃዝ ያንሳል። በአማርኛም ከ«ሁለት» እስከ «ዘጠኝ» አብዛኞቹ ሁለት ክፍለ ቃል ናቸው። በሌላ ቋንቋ የተሠራን የአሃዝ ሠንጠረዥ በአማርኛ ለተፈተነ ልጅ መጠቀም የቋንቋን ርዝመት የማስታወስ ድክመት አድርጎ መመዝገብ ነው። በቋንቋው የተሠራ ሠንጠረዥ ከሌለ ጥሬ ነጥቡንና ልጁ እንዴት እንደሠራ ይግለጹ፤ አይኪው አይጻፉ። ቃል የማይፈልጉት የሬቨን ዓይነት የስዕል ፈተናዎችም ችግሩን ያቀሉታል እንጂ አያጠፉትም፤ ትምህርትና ከስዕል እንቆቅልሽ ጋር መላመድ እዚያም ይገባሉ።

በክፍሎቹ መካከል ያለ ልዩነት

ከፈተናው ክፍሎች የቃል መረዳት 98፣ የሥራ ፍጥነት 88 ሆኖ ሲታይ «ፍጥነቱ ደካማ ነው» ለማለት እጅ ይበላል። ያስሉት። የሁለቱም አስተማማኝነት 0.90 ከሆነ የእያንዳንዱ ስህተት 4.74 ነው፤ ሁለቱን ካሬ አድርገው ደምረው ዳግም ዘሩን ሲያወጡ 6.7፣ በ1.96 ሲያባዙት 13.1 ይሆናል። 10 ነጥብ ከዚያ ስለሚያንስ በአጋጣሚ ሊመጣ የሚችል ልዩነት ነው። ከ13 በላይ ቢሆንም ሌላ ጥያቄ ይቀራል፦ ምን ያህል ብርቅ ነው? እውነተኛ የሆነ ልዩነት ብዙ ጤነኛ ልጆች ላይ ሊኖር ይችላል። በንዑስ ፈተናዎች ደረጃ፣ አለን ካውፍማን በ1976 እንዳሳየው፣ በአንድ ልጅ ከፍተኛና ዝቅተኛ ውጤት መካከል ያለው ርቀት በአማካይ 7 ነጥብ ያህል ነበር። 5ና 12 አንድ ላይ መታየታቸው ብቻውን የምንም ምልክት አይደለም።

ሪፖርቱ ላይ

በአይኪውና በትምህርት ቤት ውጤት መካከል ያለው ተዛምዶ 0.5 ገደማ ነው፤ በተማሪዎች ውጤት መካከል ካለው ልዩነት ሩቡን ያህል ያስረዳል፤ ሦስት አራተኛው በሌላ ነገር ይወሰናል። የሪፖርቱ ቋንቋ ከዚህ ልክ እንዳይወጣ እንዲህ ይጻፉ፦ «በዚህ ፈተና፣ በዚህ ቀን፣ ጠቅላላ ውጤቱ 84 ነው (95 በመቶ ክልል ከ77 እስከ 91)፤ ከመቶ እኩዮቹ 14 ያህሉን ይበልጣል። በሁለተኛው ሰዓት ደክሞት ስለነበር የፍጥነት ክፍሎቹ ውጤት ዝቅ ብሎ ሊሆን ይችላል።» የፈተናው ስም፣ ቅጂው፣ የሠንጠረዡ ዓመትና ፈተናው የተሰጠበት ቋንቋ አብረው ይሰፍራሉ።

ቀኑ በተለይ ያስፈልጋል። ያው ፈተና በአጭር ጊዜ ውስጥ ሲደገም ውጤቱ በመለማመድ ከፍ ይላል፤ ጭማሪው በሰዓት በሚሠሩትና ዘዴያቸው አንዴ ከገባ በማይረሱት ክፍሎች ላይ ይበረታል። የሚቀጥለው ፈታኝ አንድ ዓመት እንኳ እንዳላለፈ ካየ ሌላ ፈተና ይመርጣል፤ ያው ከተደገመ ግን የመጣውን ጭማሪ የልጁ እድገት አድርጎ እንዳይጽፈው ቀኑ ይከለክለዋል።