ሳንቲም ደጋግሞ ሲጣል ዕድልን እንዴት እናሰላለን?

አንድ ሳንቲም 5 ጊዜ ቢጣል በትክክል 3 ጊዜ ዘውድ የመውጣቱ ዕድል ስንት ነው? እንዲህ ያለ ጥያቄ ሲመጣ ብዙ ሰው ቀጥታ ቀመር ፍለጋ ይገባል። ከዚያ በፊት ግን ጥያቄው ስለ ቅደም ተከተል ነው ወይስ ስለ ብዛት የሚለውን መለየት ያስፈልጋል። አብዛኛው ስህተት የሚሠራው እዚሁ ላይ ነው።

ቅደም ተከተሉ ከተሰጠ ሥራው ማባዛት ብቻ ነው። አንዱ ውርወራ ሌላውን ስለማይነካ «ዘውድ፣ ዘውድ፣ ጎፈር፣ ዘውድ፣ ጎፈር» በዚሁ ተራ የመውጣቱ ዕድል 1/2 አምስት ጊዜ በራሱ ተባዝቶ 1/32 ነው። አምስቱም ዘውድ የመሆናቸው ዕድልም ያው 1/32 ነው። ይህኛው ብርቅ መስሎ የሚታየን ለዓይን ስለሚጎላ እንጂ ከሌላው ያነሰ ዕድል ስላለው አይደለም።

ብዛት ከተጠየቀ ደግሞ ስንት ዓይነት ቅደም ተከተል ያንን ብዛት እንደሚሰጥ ይቆጠራል። ከአምስቱ ሦስቱ ዘውድ ከሆኑ ሁለቱ ጎፈር ናቸው፤ የሁለቱን ጎፈሮች ቦታ መቁጠር ይቀላል። የመጀመሪያው ጎፈር 1ኛው ውርወራ ላይ ከወጣ ለሁለተኛው 4 ቦታ ይቀራል፤ 2ኛው ላይ ከወጣ 3፣ 3ኛው ላይ 2፣ 4ኛው ላይ 1። ድምሩ 10 ነው። መልሱ 10/32 ማለትም 31.25 በመቶ ይሆናል።

ውርወራው ሲበዛ በጣት መቁጠር አያዋጣም። የፓስካልን ሦስት ማዕዘን ይሥሩ፤ ከዳር ካሉት 1ዎች በስተቀር እያንዳንዱ ቁጥር ከበላዩ ያሉት የሁለቱ ድምር ነው፦

1 1
1 2 1
1 3 3 1
1 4 6 4 1
1 5 10 10 5 1

የመጨረሻው ረድፍ የ5 ውርወራ ነው፤ ከግራ ወደ ቀኝ 0 ዘውድ፣ 1 ዘውድ፣ 2 ዘውድ እያለ ይሄዳል። የረድፉ ድምር 32 ካልመጣ የሆነ ቦታ ተሳስተዋል።

በዚህ ጉዳይ ዳላምቤርን የሚያህል የሒሳብ ሊቅ እንኳ ተሳስቷል። ሁለት ጊዜ ሲጣል ቢያንስ አንድ ዘውድ የመውጣቱን ዕድል በ1754 እ.ኤ.አ. «2/3 ነው» ብሎ ጻፈ። «የመጀመሪያው ዘውድ ከሆነ ጨዋታው አበቃ» በሚል ሦስት ውጤት ብቻ ቆጥሮ ሦስቱንም እኩል አደረጋቸው። እኩል ዕድል ያላቸው ውጤቶች ግን አራት ናቸው፤ ትክክለኛው መልስ 3/4 ነው።

«ቢያንስ አንድ» የሚል ጥያቄ ሲያጋጥም ተቃራኒውን አስልቶ ከ1 መቀነስ ይቀላል፦ በ4 ውርወራ 1 − 1/16 = 15/16። «ከ10 ቢያንስ 8» ሲባል ግን በሦስት ማዕዘኑ የ10 ውርወራ ረድፍ ላይ የ8፣ የ9 እና የ10 ዘውድ ቁጥሮችን ደምሮ መገላገል ነው፦ 45 + 10 + 1 = 56፤ ለረድፉ ድምር ለ1024 ሲካፈል፣ 5.5 በመቶ ገደማ።

ሳንቲሙ ሚዛናዊ ካልሆነ፣ ለምሳሌ ዘውድ የመውጣት ዕድሉ 0.6 ከሆነ፣ ቆጠራው ያው 10 ነው፤ የሚለወጠው የአንዱ ቅደም ተከተል ዕድል ነው። 0.6 ሦስት ጊዜ፣ 0.4 ሁለት ጊዜ ይባዛል፦ 10 × 0.216 × 0.16 = 0.3456። እዚህ ላይ ለ32 ማካፈል ቀርቷል፤ ከልምድ የተነሳ የሚያካፍል አይጠፋም።

አምስት ዘውድ ተከታትሎ ከወጣ በኋላ «አሁንስ የጎፈር ተራ ነው» ማለት ከንቱ ነው፤ ሚዛናዊ ከሆነ ስድስተኛውም 1/2 ነው። ሳንቲም ያለፈውን አያካክስም። በትክክል ግማሽ በግማሽ የመውጣት ዕድልም ውርወራው ሲበዛ ይቀንሳል፦ በ10 ውርወራ 24.6 በመቶ፣ በ100 ደግሞ 8 በመቶ ገደማ። ወደ ግማሽ የሚጠጋው ድርሻው ነው። የሒሳብ ሊቁ ጆን ኬሪክ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ ዴንማርክ ውስጥ ታግቶ ሳለ 10,000 ጊዜ ጥሎ 5,067 ዘውድ አገኘ፤ ከግማሹ በ67 ቢርቅም ድርሻው 50.67 በመቶ ነው።

ሳንቲም ለመፈተሽ 100 ጊዜ ከጣሉ፣ ሚዛናዊው ሳንቲም ከ40 እስከ 60 ዘውድ የመስጠቱ ዕድል 96 በመቶ ገደማ ነው። ስለዚህ 58 ዘውድ ስለወጣ ብቻ ሳንቲሙ ጠማማ ነው ብሎ መፍረድ አይቻልም፤ 70 ከወጣ ግን መጠርጠር ተገቢ ነው።