ኮካቲየል ስትታመም በምን ታውቃላችሁ፣ ምንስ ታደርጋላችሁ (ለኛ ለደብረ ብርሃን ብርድ ሰዎች)

ኮካቲየል ቁንጮ ያላት ትንሽ በቀቀን ናት፣ ሀገሯ አውስትራሊያ ነው፣ ደረቅና ሞቃት ቦታ የለመደች ወፍ ናት። እኛ ደግሞ ከአዲስ አበባ 130 ኪሎሜትር ጭነን አምጥተን 2,800 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ውርጭ ውስጥ እናስቀምጣትና ሲያማት ምን ነካት እንላለን።

ችግሩ ወፍ ህመሟን ትደብቃለች። ዱር ላይ ደከም ያለችውን ነው ጭልፊት የሚለቅማት፣ ስለዚህ ሰው ሲያያት ቀና ብላ ቁንጮዋን ታቆማለች፣ ዞር ስትሉ ላባዋን ነፍታ ኩርምት ትላለች። የኔዋ ሎሚ ሶስት ቀን ሙሉ ምንቃሯን ጥሬው ውስጥ ከታ ስትጎረጉር እያየሁ እየበላች ነው ብዬ ነበር፣ በኋላ እቃውን እፍ ስለው ላይ ላዩ የድሮ ገለባ ብን ብሎ ሄደ፣ ከስሩ ያለው ጥሬ ግን አልተነካም።

ስለዚህ ግራም የሚያነብ የኩሽና ሚዛን ግዙ። ጠዋት ሳትበላ መዝኑና ጻፉ። ብዙዎቹ ከ80 እስከ 100 ግራም ናቸው፣ ከራሷ ኪሎ ላይ አንድ አስረኛ ከቀነሰች ቀልድ የለም። ሎሚ ከ92 ወደ 79 ወርዳ ነበር፣ ደረቷን ስነካው አጥንቱ እንደ ቢላ ሾሏል።

ኩሷንም እዩ፣ ከስር ነጭ ወረቀት አንጥፉ። ጤነኛ ኩስ አረንጓዴ ወይ ቡናማ ጥቅልል፣ ኖራ የመሰለ ነጭና ትንሽ ውሃ አለው። ጎመን በልታ ውሃው ቢበዛ አትደንግጡ፣ ነጩ ወደ ቢጫ ወይ አረንጓዴ ከዞረ ግን ጉበቷ ሊሆን ይችላል። ቁጭ ብላ በተነፈሰች ቁጥር ጅራቷ ከፍ ዝቅ ካለ ወይ አፏን ከፍታ ከተነፈሰች፣ ወይ ደግሞ ሴት ሆና ኬጁ ወለል ላይ ተቀምጣ ካማጠች (እንቁላል ተይዞባት ይሆናል) ለነገ አትበሉ፣ ያኔውኑ ሐኪም ጋ ውሰዷት።

እስከዛው ዋናው መድኃኒት ሙቀት ነው፣ ከ28 እስከ 30 ዲግሪ። ኬጁን በሶስት ጎን በጋቢ ሸፍኑና በአንድ ጎን ብቻ ከውጪ አምፖል አድርጉ፣ ሲሞቃት ዞር የምትልበት ይኑራት፣ ክንፏን ከፈት አድርጋ ካለከለከች በዝቷል ማለት ነው። መብራት ከጠፋ (ይጠፋል) ሃይላንድ ውስጥ ሙቅ ውሃ ሞልታችሁ በጨርቅ ጠቅልላችሁ አስጠጉላት። ከሰል በጭራሽ! እኛን የሚያፍነው እሷን በደቂቃ ነው የሚገላት፣ የተቃጠለ ቴፍሎን መጥበሻም እንደዛው። እጣንም ለሳንባዋ ጭስ ነው፣ እማዬ "ለወፍ ብዬ ቡናዬን ያለ እጣን ልጠጣ?" ብላ ተቆጥታኝ ነበር፣ አሁን በረንዳ ላይ ታፈላለች፣ ማጉረምረሙ ግን አልቀረም።

ምግብና ውሃውን ወለሉ ላይ አቅርቡላት፣ በግድ አፏ ውስጥ ውሃ አታንቆርቁሩ፣ ሳንባዋ ይገባል። ከዶሮዎቹ አርቋት፣ ፈንግል በቀቀንንም ይይዛል።

እዚህ ያለው ሐኪም አብዛኛውን ጊዜ በግና ከብት ነው የሚያየው፣ ስለዚህ የጻፋችሁትን ግራም፣ የኩሱን ፎቶና የአተነፋፈሷን ቪዲዮ ይዛችሁ ሂዱ። የዶሮ አንቲባዮቲክ ገዝቶ ውሃ ውስጥ መበጥበጥ የሚባለውን ነገር እኔ አልወደውም፣ የታመመች ወፍ ውሃ በደንብ አትጠጣም፣ ስንት እንደወሰደች በምን ታውቃላችሁ? በተለይ ሲታኮሲስ (በቀቀኖችን የሚይዝ የባክቴሪያ በሽታ) ከሆነ ዶክሲሳይክሊን በሚባል አንቲባዮቲክ ብዙ ጊዜ 45 ቀን ነው የሚታከመው፣ በአምስተኛው ቀን ተሻላት ብሎ ማቆም የለም። ወደ ሰውም ይተላለፋል፣ ኩሱን ሳታርሱት አትጥረጉ፣ ማስክ አድርጉ፣ እናንተን ትኩሳትና ሳል ከያዛችሁ በቀቀን አለኝ ብላችሁ ለሐኪሙ ንገሩት።

ከዳነችም በኋላ ሙቀቱን ቀስ በቀስ ነው የምትቀንሱት፣ ሚዛኑንም አትተዉ። ሎሚ ዛሬ ጠዋት 90።