ስልካችሁ ቻርጅ አልይዝ ካለ፣ ባትሪ ከመግዛታችሁ በፊት አፖቹን ሥርዓት አስይዟቸው

«ስልኬ ቻርጅ አይዝም» የማይል ሰው አሁን አሁን ማግኘት ከባድ ነው። ባሕር ዳርም ሂዱ ደብረ ማርቆስ፣ ሞጣም ሂዱ ፍኖተ ሰላም ያው ነው። ጠዋት መቶ የነበረው ከሰዓት በኋላ አስራ አምስት ላይ ይወርዳል፣ ያን ቀን ደግሞ መብራት የለም። ጥገና ቤት ስትሄዱ መልሱ የታወቀ ነው፤ «ባትሪው ሞቷል፣ ይቀየር።»

አንዳንዴ እውነት ነው። ሦስት አራት ዓመት ያገለገለ ባትሪ መድከሙ አይቀርም። ግን ዓመት ያልሞላው፣ 5000 ሚሊአምፕር-አወር ባትሪ ያለው ቴክኖ ወይም ኢንፊኒክስ እስከ ማታ መድረስ ካቃተው ጥፋቱ ብዙ ጊዜ የባትሪው አይደለም። ኪሳችሁ ውስጥ ሆኖ፣ ሳትነኩት የሚሠራ አፕ አለ። እሱን አድኖ መያዝ ነው ሥራው። ብር አያስወጣም፣ ቢበዛ ግማሽ ሰዓት ቢፈጅ ነው።

የማወራው በዋናነት ስለ አንድሮይድ ነው። የምጠራቸው ስሞች ስልኩ በእንግሊዝኛ ሲሆን የሚታዩት ናቸው፤ እንደ ስልኩ ዓይነት ትንሽ ይለያያሉ። ካጣችሁት ሴቲንግ ላይ ያለችውን የመፈለጊያ ሳጥን ንኩና ስሙን ጻፉባት፣ ራሷ ታመጣላችኋለች።

1. መጀመሪያ ሌባውን ለዩ

ሴቲንግ ክፈቱ፣ «ባትሪ» ግቡ፣ ከዚያ «ባትሪ ዩሴጅ»። አንዳንድ ቴክኖና ኢንፊኒክስ ላይ «ባትሪ ላብ» በሚል ስም ነው ያለው። ይሄን ጠዋት ቻርጅ እንደነቀላችሁ አትዩት፣ ምንም አያሳያችሁም። ማታ ላይ፣ ስልኩ እንደወትሮው ከዋለ በኋላ ነው የሚታየው።

አፖቹ በፐርሰንት ተደርድረው ይመጣሉ። እዚህ ላይ አብዛኛው ሰው ትልቁን ቁጥር ያይና እሱን ያጠፋል። ተሳስቷል። ቲክቶክ 30 ፐርሰንት በልቶ ብታገኙት፣ ግን ሁለት ሰዓት ሙሉ ስታዩት ከዋላችሁ፣ እሱን የበላችሁት እናንተ ናችሁ፤ አፑን አትክሰሱ። መጠርጠር ያለበት ሳትከፍቱት የበላው ነው። አፑን ስትነኩት ስክሪን ላይ ስንት ደቂቃ፣ ባክግራውንድ ላይ (ሳትከፍቱት ከጀርባ) ደግሞ ስንት ሰዓት እንደሠራ ይጽፍላችኋል። ስክሪን 4 ደቂቃ፣ ባክግራውንድ 5 ሰዓት የሚል ካያችሁ፣ በቃ ያዛችሁት ማለት ነው።

ደጀን ዙሪያ ያለው አጎቴ ስልኩን ቻርጅ የሚያስደርገው ገበያ ቀን ከተማ ሲወጣ ነው፣ ስለዚህ አንድ ሙሌት ቀናት መቆየት አለበት። አልቆይ ብሎ ሲያማርር ዝርዝሩን ከፍቼ አየሁለት። ከላይ የተቀመጠው የባትሪ መብራት አፕ ነው! ያውም ሎኬሽን ፈቃድ ተሰጥቶት። «ጋሼ፣ ይሄን ማን አስገባልዎት?» ብለው «ልጁ ነዋ፣ ማታ ከብት ሳስገባ እንዲያበራልኝ» አለኝ። ስልኩ ከላይ ወደ ታች ሲሳብ የራሱ መብራት አለው እኮ። የወረደው አፕ የሚያበራው ያንኑ መብራት ነው፤ ልዩነቱ ማስታወቂያ መጫኑና አጎቴ የት እንዳለ ሲከታተል መዋሉ ነው። አንኢንስቶል አደረግነው፣ የስልኩ የራሱ መብራት በቃው።

2. ሌባውን እሰሩት

የማትጠቀሙበት አፕ ከሆነ አንኢንስቶል አድርጉ፣ ነገር አታርዝሙ። ከስልኩ ጋር የመጣና የማይወጣ ከሆነ «ዲሴብል» የሚለውን ንኩ። የምትፈልጉት ግን ዝም ብሎ የማይቀመጥ ከሆነ፣ አፑን ለረጅም ጊዜ ተጭናችሁ «አፕ ኢንፎ» ግቡ፣ ከዚያ ባትሪ የሚለውን ክፈቱ። ከአንድሮይድ 12 ጀምሮ ሦስት ምርጫ አለ፤ «አንሪስትሪክትድ» እንደልቡ ይሥራ ነው፣ «ኦፕቲማይዝድ» ስልኩ ራሱ ይመጥነው ነው፣ «ሪስትሪክትድ» ደግሞ ካልከፈትኩት አይንቀሳቀስ። የመጨረሻውን ምረጡ። ከዚያ በኋላ በወጡት ላይ «አላው ባክግራውንድ ዩሴጅ» የሚል ማብሪያ ማጥፊያ ታገኛላችሁ፣ እሱን ማጥፋት ነው።

ሳምሰንግ የያዛችሁ ባትሪ ውስጥ «ባክግራውንድ ዩሴጅ ሊሚትስ» ግቡና አፑን «ዲፕ ስሊፒንግ አፕስ» ውስጥ ክተቱት። ቴክኖና ኢንፊኒክስ ላይ ደግሞ አብሮ የሚመጣው «ፎን ማስተር» ውስጥ «አውቶ ስታርት ማኔጅመንት» አለ፤ ስልኩ ሲበራ አብረው የሚነሱትን አፖች የምታጠፉት እዚያ ነው።

አሁን ጥንቃቄ። ሁሉንም በጅምላ አትሰሩ። አረብ አገር ያለችው እህታችሁ በኢሞ የምትደውል ከሆነና ኢሞን ሪስትሪክትድ ካደረጋችሁት፣ እሷ ስትደውል ስልካችሁ ላይጠራ ይችላል። ከዚያ «ለምን አታነሱም» ብላ ስትኮራረፉ ጥፋቱ የኔ አይደለም። የምትቀሰቅሳችሁ ሰዓት፣ ቴሌግራምና ዋትስአፕ ኦፕቲማይዝድ ላይ ይቆዩ። ቴሌብርን ግን ያለ ሐሳብ ማሰር ትችላላችሁ፤ ብር ሲገባላችሁ ከ127 የሚመጣው መልእክት ኤስኤምኤስ ነው፣ አፑ ቢተኛም ባይተኛም ይደርሳችኋል። ጨዋታዎች፣ ፎቶ ማሳመሪያዎች፣ የዕቃ መሸጫ አፖች፣ የዜና አፖች፣ አንዳቸውም ባክግራውንድ ላይ ጉዳይ የላቸውም።

3. አፕ እየጠራረጋችሁ መዝጋቱን ተዉት

ይሄን ብዙ ሰው አይቀበለኝም። የቅርብ ጊዜ አፖችን ዝርዝር አውጥቶ አንድ በአንድ ወደ ላይ መወርወር፣ አንዳንዱማ በየአስር ደቂቃው ነው የሚያደርገው፣ እጁ ለምዶታል። ባትሪ ግን አይቆጥብም። እዚያ የምታዩት አፕ አብዛኛውን ጊዜ ቆሞ የተቀመጠ ነው፣ አይሠራም። ስትዘጉትና መልሳችሁ ስትከፍቱት ከዜሮ ይነሳል፤ ያ ነው ጉልበት የሚፈጀው። ወጥ መሃል እሳቱን እያጠፉ እንደገና እንደ ማንደድ ነው። በ2016 (እ.ኤ.አ.) አንድ ደንበኛ አፕ መዝጋት የአይፎንን ባትሪ ይቆጥብ እንደሆነ አፕልን በኢሜይል ጠይቆ ነበር፤ የሶፍትዌር ኃላፊው ክሬግ ፌደሪጊ የመለሰው ባጭሩ «አይቆጥብም» ብሎ ነው። አንድሮይድም ከ6.0 ጀምሮ፣ ማለትም ከ2015 ወዲህ፣ ስልኩ ሳይነካ ሲቀመጥ አፖችን የሚያስተኛ «ዶዝ» የሚባል ሥራ አለው። መዝጋት ያለባችሁ የተንጠለጠለ ወይም ስልኩን ያጋለ አፕ ብቻ ነው።

«ባትሪ ሴቨር»፣ «ክሊነር»፣ «ቡስተር» የሚሉትን ከፕሌይ ስቶር የሚወርዱ አፖችም አታስገቡ። ይሄንኑ መዝጋት በራሳቸው እየደጋገሙ ነው የሚሠሩት፣ በዚያ ላይ ማስታወቂያ አላቸው።

4. ቴሌግራምና ፌስቡክ

ቴሌግራም ውስጥ ስንት ግሩፕ አላችሁ? የሰፈር፣ የማኅበር፣ የክላስ፣ የሥራ ማስታወቂያ፣ የመዝሙር፣ የኳስ። አንዱ ቪዲዮ ይለጥፋል፣ ግሩፑን ስትከፍቱት ሳትጠይቁት ይወርዳል። ዳታም ባትሪም ይሄዳል። ቴሌግራሙ ውስጥ ሴቲንግ፣ «ዳታ ኤንድ ስቶሬጅ» ግቡና በሞባይል ዳታ ጊዜ በራሱ የሚያወርደውን አጥፉ። ፎቶ በራሱ ይውረድ ካላችሁ ይውረድ፣ ቪዲዮና ፋይል ግን የግድ ይጥፋ። እዚያው ሴቲንግ ውስጥ «ፓወር ሴቪንግ» የሚል አለ፤ የሚንቀሳቀሱ ስቲከሮችንና ኢሞጂዎችን ያቆማል። ግሩፖቹን ደግሞ ሚዩት አድርጉ። ማታ ሁለት መቶ መልእክት ሲገባ ስክሪኑ ሁለት መቶ ጊዜ የሚበራበት ምክንያት የለም።

ፌስቡክ ላይ «ሚዲያ» ውስጥ ገብታችሁ ቪዲዮ በራሱ እንዳይጫወት አድርጉ። ፌስቡክ ላይት ካስገባችሁ ደግሞ የበለጠ ይቀላል።

5. ኔትወርክ፣ የእኛ አገር ሌላው በሊታ

አንድም አፕ ሳትከፍቱ ባትሪው ከወረደ ኔትወርኩን እዩ። ስልክ ሲግናል ሲደክምበት ከጣቢያው ጋር ለመገናኘት ጉልበቱን ይጨምራል፣ ጭራሽ ሲጠፋበት ደግሞ ሲፈልግ ይውላል። ከደጀን ተነስታችሁ ወደ ጎሐ ጽዮን ስትሻገሩ፣ አባይ በረሃ ውስጥ ኔትወርኩ መጣ ሄደ ሲል፣ ዳታ የበራበት ስልክ በዚያ ሙቀት ቴሌግራምና ፌስቡክ ደጋግመው ሲሞክሩበት ነው የሚሻገረው። ቁልቁለቱን ስትጀምሩ ኤርፕሌን ሞድ አድርጉት። እዚያ መሃል የሚደውል ሰው እንደሆነ ድምፁ ተቆራርጦ አይሰማችሁም።

ገጠር ያላችሁ ሁለት ነገር አድርጉ። አንደኛ፣ ሁለተኛው ሲማችሁ በምትኖሩበት ቀበሌ ኔትወርክ ከሌለው ሲም ሴቲንግ ውስጥ አጥፉት፤ ቀኑን ሙሉ በከንቱ ሲፈልግ ይውላል። ሁለተኛ፣ 4ጂ ብልጭ ድርግም የሚልበት ቦታ ከሆነ «ፕሪፈርድ ኔትወርክ ታይፕ» ውስጥ 3ጂ ምረጡ፣ ለመደወል ብቻ ከሆነ 2ጂም ይበቃል። ኢንተርኔት ስትፈልጉ ትመልሱታላችሁ።

ዳታ በማትጠቀሙበት ጊዜ ዝጉት። ቪፒኤን ካላችሁም ስትጨርሱ አጥፉት፣ በርቶ በቆየ ቁጥር ይሠራል።

6. ቀሪዎቹ በአጭሩ

ብርሃኑን ቀንሱ፤ ከሁሉም በላይ የሚበላው ስክሪኑ ነው። ስክሪኑ በ30 ሰከንድ ይጥፋ። ሎኬሽን «ኦንሊ ዋይል ዩዚንግ» ላይ ይሁን። ዳርክ ሞድ (ጥቁሩ ገጽታ) አሞሌድ ስክሪን ላይ፣ ማለትም ጥቁሩ ቦታ ብርሃን በማያወጣበት ዓይነት ላይ ይቆጥባል፣ ርካሾቹ ኤልሲዲ ስልኮች ላይ ግን ዓይናችሁን ከማሳረፍ ያለፈ ጥቅም የለውም። መብራት እንደማይመጣ ካወቃችሁ ከስልኩ ጋር የመጣውን ባትሪ ሴቨር ለማብራት 20 ላይ እስኪደርስ አትጠብቁ፣ ጠዋት አብሩት። አይፎን ላይ «ጀነራል» ውስጥ ያለውን «ባክግራውንድ አፕ ሪፍሬሽ» ማጥፋት ብዙውን ይሠራላችኋል።

ባሕር ዳር ባጃጅ የምትነዱ ደግሞ ስልኩን ፀሐይ ከሚመታው መስታወት ሥር አንሱት። ሙቀት የዕለቱን ቻርጅ ብቻ አይደለም የሚጨርሰው፣ ባትሪውን ያስረጀዋል። የጮቄ ተራራ ሥር ብርድ ግን ለጊዜው ነው፤ ስልኩ ኪስ ገብቶ ሲሞቅ ይመለሳል።

ይሄን ሁሉ አድርጋችሁ በማግስቱ ማታ ዝርዝሩን መልሳችሁ እዩት። ባክግራውንድ የሚሠራ ከሌለና ስልኩ ግን 40 ላይ እያለ ድርግም ካለ፣ ያኔ ጥገና ቤቱ ልክ ነው፣ ባትሪው ይቀየር። የስልኩ ጀርባ አብጦ ከተነሳ ደግሞ ከዚያ በኋላ ቻርጅ ላይ አትሰኩት፣ አትጫኑት፣ በመርፌ አትውጉት። አጥፍታችሁ ቀጥታ ለሚያወጣው ሰው ውሰዱት።