ማሄን በኪራይ መኪና፦ ከባሕር ዳርቻው ጀርባ ያለችው ደሴት

ሴሼልስ ሲባል ሰው ሁሉ ዓይኑ ላይ የሚመጣበት ነጭ አሸዋ ነው። አሸዋው የሚባልለትን ያህል ውብ ነው። እኔ ግን የአገሪቱ ትልቋ ደሴት በሆነችው ማሄ ላይ ዘጠኝ ቀን በኪራይ መኪና ዞሬ ስመለስ ከልቤ ያልወጣው ተራራው ነው። እናቴና ታናሽ ወንድሜ አብረውኝ ነበሩ። እማዬን ጉልበቷን ስለሚያማት ብዙ መሄድ አትችልም። ስለዚህ ጉዞውን ያሰናዳሁት ለሁለት ዓይነት ሰው ነው፤ ዳገት ለሚወጣ፣ እንዲሁም ከመኪናው ብዙ ሳይርቅ ለሚያይ። ይህን የምጽፈውም እዚያ ድረስ ሄደው ባሕር ዳር ብቻ ውለው የሚመለሱ ሰዎች ስለሚያሳዝኑኝ ነው።

ከሁሉ በፊት ካርታውን በደንብ እዩት። ማሄ ከሰሜን እስከ ደቡብ 28 ኪሎ ሜትር ገደማ ናት። በጣም የምትሰፋበት ቦታ እንኳ 8 ኪሎ ሜትር ያህል ብቻ ነው። ብዙ ሰው ይህን ያይና «በአንድ ቀን እንጨርሳታለን» ይላል። የባሕር ዳሩን መንገድ ይዞ ይዞራል፣ ማታ ደሴቲቱን አየሁ ብሎ ይተኛል። መሃሉን ግን አላየውም። ተራራውን አቋርጠው ምሥራቁን ከምዕራቡ የሚያገናኙ መንገዶች አሉ። ከሰሜን ወደ ደቡብ ስትቆጥሩ ሳን ሱሲ፣ ላ ሚዜር፣ ሞንታኝ ፖዜ፣ ሌ ካኔል፣ ከዚያም ደቡብ ጫፍ አካባቢ ካትር ቦርን። ምክሬ በቀን አንዱን ብቻ ያዙ ነው። ትሻገራላችሁ፣ ማዶ ያለውን ዳርቻ ቀስ ብላችሁ ታያላችሁ፣ በባሕር ዳሩ ዞራችሁ ትመለሳላችሁ። በኪሎ ሜትር ሲታይ ምንም አይደለም። ቀኑን ግን ይሞላል።

የትኛውን ቀን የት እንደምትውሉ የሚወስነው ነፋሱ ነው። ይህን ቀድሞ የነገረኝ ሰው ቢኖር ደስ ባለኝ። ከግንቦት እስከ ጥቅምት ነፋሱ ከደቡብ ምሥራቅ ይመጣል። አየሩ ደረቅና ቀዝቀዝ ያለ ስለሆነ ለእግር መንገድ ጥሩ ነው። ነገር ግን የደቡቡ ባሕር ይናወጣል፣ ምሥራቁ ዳርቻ ላይ የባሕር ሣር ይከመራል። ያን ጊዜ ረጋ የሚለው ሰሜን ምዕራቡ ነው፦ ቦ ቫሎን፣ ቤል ኦምብር፣ ፖርት ሎኔ። ከታኅሣሥ እስከ መጋቢት ደግሞ ነገሩ ይገለበጣል። ነፋሱ ከሰሜን ምዕራብ ይሆናል፣ ዝናቡ ይበረታል። በዚያ ወቅት አንስ ሮያልና የምሥራቁ ዳርቻ ይሻላል። በሁለቱ መካከል፣ ሚያዝያና ኅዳር አካባቢ፣ ባሕሩ በየአቅጣጫው ጸጥ ይላል።

እኛ የሄድነው በሐምሌ ነበር። የመጀመሪያውን ቀን ሳናውቅ ወደ ደቡብ፣ ወደ አንስ ኢንታንዳንስ ነዳን። ሞገዱ ከሰው ቁመት በላይ ተነሥቶ አሸዋው ላይ ይፈርጥ ነበር። ፊት ለፊቱ ኃይሉን የሚሰብርለት የኮራል አጥር የለውም። እማዬ እግሯን እንኳ አልነከረችም። በማግስቱ ነፋሱን ተከትለን እቅዱን እንዳለ ገለበጥነው፤ ከዚያ በኋላ የባከነ ቀን አልነበረም።

ስለ መኪናው። ትንሿን ያዙ። ዋጋዋ ስለሚቀንስ ብቻ ሳይሆን መንገዱ ጠባብ ስለሆነ ነው። አውቶማቲክ ብትሆን ደግሞ በጣም ይቀልላችኋል። ሴሼልስ ውስጥ የሚነዳው በግራ ነው፣ መሪው ያለው በቀኝ በኩል ነው። በቀኝ መንዳት የለመደ ሰው ዳገት ላይ በግራ እጁ ማርሽ ልቀይር ሲል ሐሳቡ ይከፈላል። ከሁሉ የሚከብደው ግን ይህ አይደለም። ከለመዳችሁት ወዲያ ማዶ ስለምትቀመጡ የመኪናው ግራ ጎን የት እንደሚያልቅ አይታወቃችሁም። ሳታስቡት ወደ ግራ ትጠጋላችሁ። በግራ በኩል ደግሞ አስፋልቱ ካለቀ በኋላ መርገጫ የለም። ወዲያው ቦይ ነው፣ አንዳንድ ቦታ ገደል ነው። ስለዚህ ከጎን ለሚቀመጠው ሰው ሥራ ስጡት። ወንድሜ ዘጠኙንም ቀን ዓይኑን ከግራው ጎማ አላነሣም። መገንጠያና አደባባይ በደረስን ቁጥር ደግሞ «ግራ!» ይለኛል። እውነቴን ነው፣ ያለ እሱ አልነዳውም ነበር።

አውቶቡሶቹን አክብሯቸው። ሾፌሮቹ መንገዱን በቃላቸው ያውቁታል፣ ጥምዙን ፈጠን ብለው ነው የሚመጡት። ላ ሚዜር ላይ አንዱ ጥምዝ ውስጥ ፊት ለፊት ተገናኘን። ቆምኩ፣ ቀስ ብዬ ወደ ኋላ ሄድኩ፣ ሾፌሩ እጁን አንሥቶ አመስግኖኝ አለፈ። ከዚያ ወዲህ ማዶው የማይታይ ጥምዝ ሲመጣ አስቀድሜ አጠር ያለ ክላክስ አደርጋለሁ። ከኋላ የአገሩ ሰው ከመጣ ሰፋ ያለ ቦታ ጠብቄ አሳልፈዋለሁ። ቁልቁለቱን በከባድ ማርሽ ውረዱ፣ ፍሬን ብቻ ይዛችሁ አትውረዱ። ነዳጅ ታች ሳላችሁ ሙሉ፣ ተራራው ላይ ማደያ የለም። ካርታውንም ስልካችሁ ላይ ቀድማችሁ አውርዱት።

አሁን ወደ ሳን ሱሲ። ጊዜያችሁ ለአንድ መንገድ ብቻ የሚበቃ ከሆነ ይህን ምረጡ። ከዋና ከተማዋ ከቪክቶሪያ ተነሥቶ የሞርን ሴሼልዋን ብሔራዊ ፓርክ አቋርጦ ምዕራብ ዳርቻ ላይ ፖርት ግሎ ይወርዳል። የአገሪቱ ከፍተኛ ተራራ ሞርን ሴሼልዋ፣ 905 ሜትር፣ ከመንገዱ በላይ ነው። ሙቀቱ እየጨመረ ሲሄድ ደመና አናቱ ላይ ይቀመጣል። ስለዚህ ከቪክቶሪያ ጠዋት 12 ሰዓት ተኩል ላይ ተነሡ።

የመጀመሪያው ማቆሚያ የኮፖሊያ ዱካ ነው። መነሻው መንገዱ ዳር ነው፣ ቦታው ጥቂት መኪና ብቻ ይይዛል፤ አርፍዶ የመጣ ይቸገራል። እኔና ወንድሜ የወጣነው እማዬ ማረፊያችን ገና ተኝታ ሳለች ነው። ለአንዳንዱ ዱካ መግቢያ ስለሚከፈል የአገሩን ሩፒ በእጃችሁ ያዙ። መውጫው አንድ ሰዓት ያህል ይፈጃል። መጀመሪያ ጥላ ያለው ደን ነው፣ ቀጥሎ በሥርና በድንጋይ መካከል ዳገት፣ መጨረሻ ላይ ድንገት ዛፉ ያልቅና ራቁቱን የተንጣለለ ግራኒት ላይ ትወጣላችሁ። ከፍታው 500 ሜትር ገደማ ነው። ቪክቶሪያና ወደቡ ከእግራችሁ በታች ናቸው፣ ማዶ የሴንት አን ደሴቶች።

ያ ድንጋይ በራሱ ለማየት ይገባል። በውቅያኖስ መሃል ያሉ ደሴቶች አብዛኞቹ እሳተ ገሞራ ወይም ኮራል የሠራቸው ናቸው። ማሄ ግን 750 ሚሊዮን ዓመት ገደማ ዕድሜ ያለው ግራኒት ናት። ጎንድዋና የሚባለው ጥንታዊ አህጉር ሲበታተን ባሕር ላይ የቀረ ቁራሽ ነው። እጄን አስደግፌው ትንሽ ቆየሁ። ከዚያ ከድንጋዩ ጠርዝ ቁጥቋጦው ውስጥ ነፍሳት የሚበላውን ተክል ፈልጉ። ቅጠሉ ጫፍ ላይ ክዳን ያላት ትንሽ እንስራ የመሰለች ነገር ትንጠለጠላለች። ውስጧ ያለው ፈሳሽ የገባውን ነፍሳት ያሟሟል። ይህ ዝርያ በዓለም ላይ የሚበቅለው ሴሼልስ ውስጥ ብቻ ነው። አትንኩት፣ አትርገጡት። ዝናብ ከጀመረ ደግሞ ከግራኒቱ ላይ ቶሎ ውረዱና ደኑ ውስጥ ጠብቁ። የረጠበ ግራኒት በጣም ያንሸራትታል፤ ነጠላ ጫማ አድርገው የወጡ ሰዎችን አይቼ ሰግቼላቸዋለሁ።

3 ሰዓት ላይ ተመልሰን እማዬን ይዘን ዳግም ወጣን። በዚያው መንገድ ትንሽ ከፍ ብሎ ሚሽን የሚባለው ቦታ አለ። ለእሷ የመረጥኩት ይህንን ነበር። ከመኪና ወርዳችሁ በትላልቅ ዛፎች መካከል ደልዳላ መንገድ ጥቂት ትሄዳላችሁ። የድንጋይ ግድግዳ ፍርስራሽ ታያላችሁ። እ.ኤ.አ. በ1876 የተከፈተ ትምህርት ቤት ነበር፤ ከባሪያ ጫኝ መርከቦች ነፃ የወጡ አፍሪካውያን ልጆች ይማሩበት ነበር። በ1889 ተዘጋ። እዚያ ስትደርሱ ድምፃችሁን ዝቅ አድርጉ። ልጆቹ ከየት እንደተወሰዱ እያሰብኩ ብዙ መናገር አልቻልኩም። ከፍርስራሹ አለፍ ብሎ የእንግሊዟ ንግሥት ኤልሳቤጥ እ.ኤ.አ. በ1972 ሻይ የጠጡበት ሰገነት አለ። የምዕራቡ ዳርቻ በሙሉ ከዚያ ይታያል። እማዬ አንድ ሰዓት ሙሉ ተቀመጠች፤ «እንሂድ» ያልኳት እኔ ነኝ።

መንገድ ዳር ካለ ዛፍ አንድ ቅጠል ሰብራችሁ አሽትቱ። ቀረፋ ነው። እ.ኤ.አ. በ1772 ፈረንሳዮች አንስ ሮያል ላይ የቅመም አትክልት ቦታ ሲያቋቁሙ ያመጡት ነው። ወፎች ፍሬውን እየበሉ ዘሩን በየተራራው በተኑት። ዛሬ ደኑ በአብዛኛው እሱ ሆኗል፣ የአገሩን ዛፎች ገፍቷቸዋል። ሽታው ደስ ይላል፤ ግን የደሴቲቱ የራሷ ሽታ እንዳልሆነ እወቁ።

ከሚሽን ቁልቁል ስትወርዱ የሻይ እርሻው ይመጣል። ከዚያ አጠገብ የሞርን ብላን ዱካ ይጀምራል። 667 ሜትር ነው። አጭር ቢሆንም ቀጥ ያለ ነው፣ አንድ ሰዓት ያህል ያስለከልካል። ከኮፖሊያ ጋር በአንድ ቀን አትደርቡት። የተለየ ነገሩ እርጥበቱ ነው። ድንጋዩም ግንዱም የድንጋይ ሽበት ለብሷል፣ ከፍ ስትሉ ደመና ውስጥ ትገባላችሁ። ጸጥ ብላችሁ ቁሙ። እንደ ነፍሳት ቀጭን ጩኸት ከሰማችሁ እንቁራሪት ነው። ካደገ በኋላ እንኳ 11 ሚሊ ሜትር ገደማ የሚሆን ዝርያ አለ፣ ከጥፍር አይበልጥም። መሃለኛ ጆሮ ስለሌለው ድምፅ የሚሰማው በአፉ ባዶ ክፍል አማካይነት እንደሆነ ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ2013 ደርሰውበታል። እኛ ድምፁን ሰማን፣ እሱን ግን ሩብ ሰዓት ፈልገን አላገኘነውም። መጨረሻው ገደል ነው፣ ከጫፉ ራቁ። ከታች ጅራታቸው እንደ ክር የረዘመ ነጫጭ ወፎች ሲበሩ ጀርባቸውን ታያላችሁ።

ፖርት ግሎ ስትደርሱ ሶዚየ ፏፏቴ ከመንገዱ ብዙም አይርቅም። በሐምሌ ውኃው ቀጥኖ ነበር፣ ግን ከሥሩ ያለው ኩሬ ገላን ለማቀዝቀዝ በቂ ነው። ከዚያ ወደ ሰሜን በባሕር ዳሩ ቀጥሉ። ፖርት ሎኔ አጠገብ ያለው የማንግሮቭ (ጨዋማ ውኃ ውስጥ የሚበቅል ዛፍ) ረግረግ ከ2004 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ራምሳር በሚባለው ረግረጋማ ቦታዎችን የሚጠብቅ ዓለም አቀፍ ስምምነት የተመዘገበ ነው። ባሕሩ ሲሸሽ ሂዱ፣ ሥሮቹ ተገልጠው ሸርጣኖች በመካከላቸው ሲሯሯጡ ይታያሉ። እማዬ ይህን ከመኪናው አጠገብ ሆና አየችው።

አንስ ማዦር መኪና አይገባበትም። ቤል ኦምብር ላይ መንገዱ እስከሚያልቅበት ንዱ፣ ከዚያ በእግር አንድ ሰዓት ገደማ ነው። ዱካው ባሕሩን ወደ ታች እያዩ ግራኒት ላይ ይሄዳል፣ አብዛኛው ጥላ የለውም። ድንጋዩ ሙቀቱን መልሶ ይተፋዋል። ማልዳችሁ ሂዱ፣ ለእያንዳንዱ ሰው ሁለት ሊትር ውኃ ያዙ። መጨረሻ ላይ ትንሽ ባሕር ዳርቻና ከጀርባው ጨው የቀላቀለ ኩሬ አለ።

ደቡብን በአጭሩ። በካትር ቦርን አልፋችሁ እስከ ፖሊስ ቤይ ንዱ፣ ማየት ይገባዋል። አትዋኙ። ውኃው ወደ ውስጥ ይስባል፤ ባሕሩ ረጋ ያለ መስሎ ቢታያችሁም አትሞክሩት። በነፋሱ ወቅት ምዕራብ ያለው ግራንድ አንስም እንደዚያው ነው።

መኪና ስታቆሙ ቀና ብላችሁ እዩ፣ ኮኮነት ዛፍ ሥር አታቁሙ። ፍሬው ሲወድቅ መስተዋት ይሰብራል፣ ሰው ላይ ከወደቀማ የከፋ ነው። ዱካ ላይ ቅርንጫፍ ከመያዛችሁ በፊትም እዩ፣ ቢጫ ተርብ ቅጠል ሥር ቤቱን ይሠራል። ዛጎልና ኮራል ከባሕር አትውሰዱ።

ደሴቲቱ ከምድር ወገብ ብዙ ስለማትርቅ ፀሐይ ዓመቱን ሙሉ የምትጠልቀው ምሽት ከ12 ሰዓት እስከ 12 ሰዓት ተኩል ገደማ ባለው ጊዜ ነው። ጨለማውም ቶሎ ይመጣል። የተራራውን መንገድ ከዚያ በፊት ጨርሱ፣ በጨለማ ቦዩ አይታይም። እኛ በመጨረሻው ምሽት ቪክቶሪያ ልንደርስ ስንል ሰፋ ያለ ቦታ አገኘንና ሞተሩን አጠፋን። ፍሬ የሚበሉት ትላልቅ የሌሊት ወፎች ከሸለቆው እየተነሡ በላያችን ያልፉ ነበር። ክንፋቸውን በዝግታ ነው የሚመቱት። እማዬ መስኮቷን ዝቅ አድርጋ መቁጠር ጀመረች። ሠላሳ ላይ ስትደርስ መሸ።