«በወር ስንት መጣላችሁ?» ሞርጌጅ (የቤት ብድር) ላይ በዝምታ የምንከፍልባቸው ስህተቶች

እዚህ አሜሪካ፣ ዋሽንግተን ዲሲ ዙሪያ፣ ሲልቨር ስፕሪንግም ይሁን አሌክሳንድሪያ፣ አዲስ ቤት የገቡ ሰዎችን እንኳን ደስ ያላችሁ ልንል ስንሄድ የመጀመሪያው ቡና ሳይቀዳ የሚነሳ ጥያቄ አለ። «በወር ስንት መጣላችሁ?» ባለቤቶቹ ይነግሩናል፣ ቀድሞ ይከፍሉት ከነበረው ኪራይ ጋር እናስተያየዋለን፣ ከዚያ ወሬው ወደ ሌላ ያልፋል። «ተከፍሎ ሲያልቅስ ስንት ይሆናል?» ብሎ የጠየቀ ሰው አላጋጠመኝም። እኔም ሜሪላንድ ውስጥ የመጀመሪያ ቤቴን ስገዛ አልጠየቅሁም። ከዚያ ወዲህ ዘመድ ወዳጅ ቤት ሊገዛ ሲነሳ፣ ከመፈረሙ በፊት ወረቀቱን ይዞ እንዲመጣ እለምናለሁ። ደጋግሜ ያየኋቸውን ስህተቶች እዚህ ላስቀምጣቸው።

ስሌቱ እንዳይምታታ አንድ ምሳሌ ይዘን እንሂድ፦ 400,000 ዶላር ብድር፣ 6.5 በመቶ ወለድ፣ 30 ዓመት፣ ወለዱ የማይለዋወጥ ወይም ፊክስድ።

ወርሃዊውን ክፍያ የቤቱ ዋጋ አድርጎ ማየት

የዚህ ብድር ወርሃዊ ክፍያ፣ ታክስና ኢንሹራንስ ሳይጨመር፣ 2,528 ዶላር ነው። ከመጀመሪያው ወር ክፍያ ውስጥ 2,167 ዶላሩ ወለድ ነው፤ ዕዳችሁን የሚቀንሰው 361 ዶላር ብቻ ነው። ይህ ማንም የሸረበው ተንኮል አይደለም። ወለድ በየወሩ የሚሰላው በቀረው ዕዳ ላይ ስለሆነ፣ ዕዳው ገና ትልቅ በሆነባቸው ዓመታት ወለዱም አብሮ ትልቅ ይሆናል።

አምስት ዓመት ሙሉ አንድ ወር ሳታሳልፉ ብትከፍሉ ከኪሳችሁ 151,700 ዶላር ገደማ ይወጣል። ዕዳው የሚቀንሰው ግን በ25,600 ነው፤ 374,400 ገና ይቀራል። ከክፍያችሁ ግማሹ ዋናውን ብድር መንካት የሚጀምረው 19 ዓመት ካለፈ በኋላ ነው። ሠላሳው ዓመት ሲሞላ በድምሩ 910,000 ዶላር ያህል ከፍላችኋል፤ ከዚህ ውስጥ 510,000ው ወለድ ነው። የተበደርነው 400,000 እንደነበረ አስታውሱ።

ያንኑ 400,000 በ15 ዓመት፣ በ6 በመቶ ብትወስዱት (የ15 ዓመት ብድር ወለዱ ብዙ ጊዜ ዝቅ ይላል) ወርሃዊው 3,375 ይሆናል፣ ጠቅላላ ወለዱ ደግሞ ወደ 207,600 ይወርዳል። በወር 847 ዶላር ተጨማሪ ለብዙ ቤተሰብ የሚቻል አይደለም። ልጆች ለሚያሳድግ፣ አገር ቤት ለወላጅ ገንዘብ ለሚልክ ሰው የ15 ዓመቱን እንዲፈርም አልመክርም፤ ሥራ ሲጠፋ የማይቀነስ ግዴታ ነውና። ግን የ30 ዓመቱን ፈርሞ በየወሩ 200 ዶላር እየጨመረ የሚከፍል ሰው ብድሩን 24 ዓመት ከ5 ወር ገደማ ላይ ይጨርሳል፣ ወደ 112,000 ዶላር ወለድም ይተርፈዋል። የቸገረው ወር ደግሞ ጭማሪውን ማቆም ይችላል።

ይህን ሁሉ ለማወቅ የሒሳብ ባለሙያ መሆን አያስፈልግም። ብድር ስታመለክቱ አበዳሪው በሦስት የሥራ ቀናት ውስጥ «ሎን ኤስቲሜት» የሚባለውን ባለ ሦስት ገጽ ወረቀት እንዲሰጣችሁ ሕጉ ያስገድደዋል። ሁሉም የሚያነበው የመጀመሪያውን ገጽ ነው፣ ወርሃዊው እዚያ ስላለ። እናንተ ሦስተኛውን ገጽ ክፈቱ። በአምስት ዓመት ውስጥ በድምሩ ስንት እንደምትከፍሉና ከዚያ ውስጥ ከዋናው ብድር ስንት እንደሚቀነስ፣ ወለዱም ከብድሩ አንጻር ስንት በመቶ እንደሚሆን ተጽፏል። ከክሎዚንጉ (ግዢው ተፈርሞ ከሚጠናቀቅበት ቀን) ሦስት የሥራ ቀን በፊት የሚደርሳችሁ «ክሎዚንግ ዲስክሎዠር» ደግሞ አምስት ገጽ ነው፤ ጠቅላላ ክፍያው በመጨረሻው ገጽ ላይ በግልጽ ሰፍሯል። ያ ሦስት ቀን የተሰጠው ለማንበብ ነው።

አንድ አበዳሪ ብቻ ማነጋገር

የኛ ሰው፣ ቋንቋችንን የሚናገር ሎን ኦፊሰር (የአበዳሪው የብድር ሠራተኛ) ሲገኝ ልባችን ያርፋል። እኔም ደስ ይለኛል። ነገር ግን ሰውየውን ማመንና ዋጋ ማወዳደር አይጣሉም። ጨዋ ሰው «ሌላ ቦታም ጠይቄያለሁ» ስትሉት አይቀየምም፤ እንዲያውም ዋጋውን ሊያሻሽልላችሁ ይችላል።

ግማሽ ፐርሰንት ምን ያህል እንደሆነ እንየው። ምሳሌያችን ከ6.5 ወደ 7 በመቶ ቢወጣ ወርሃዊው በ133 ዶላር ይጨምራል። በ30 ዓመት ሲባዛ 47,900 ዶላር ገደማ ነው። ሁለትና ሦስት ስልክ መደወል ይህን ያህል ዋጋ ሊኖረው ይችላል። «የክሬዲት ነጥቤን ደጋግመው ቢያዩት ይወርድብኛል» ብሎ የሚሰጋ ብዙ ነው። በ45 ቀን ውስጥ ለሞርጌጅ የተደረጉ ጥያቄዎች በአብዛኞቹ የክሬዲት ስሌቶች እንደ አንድ ስለሚቆጠሩ፣ ሁሉንም በአንድ ሁለት ሳምንት ውስጥ ጨርሱት።

ስታወዳድሩ ወለዱን ብቻ አትዩ። አንዱ ዝቅ ያለ ወለድ የሚሰጣችሁ ፖይንት፣ ማለትም ወለዱን ለማስቀነስ በቅድሚያ የሚከፈል ገንዘብ፣ አስከፍሎ ሊሆን ይችላል። አንድ ፖይንት የብድሩ 1 በመቶ ነው፤ በምሳሌያችን 4,000 ዶላር። ያ ገንዘብ የሚመለሰው ወርሃዊው በቀነሰው ልክ ስለሆነ፣ 4,000ውን በወር ለምታተርፉት አካፍሉና ስንት ወር እንደሚፈጅ እዩ። ከዚያ በፊት ቤቱን የምትሸጡ ወይም ሪፋይናንስ የምታደርጉ (ብድሩን በአዲስ ብድር የምትተኩ) ከሆነ ኪሳራ ነው። የሎን ኤስቲሜቱ ሁለተኛ ገጽ ላይ «ኤ» በሚለው ክፍል ያለው አበዳሪው ራሱ የሚያስከፍለው ስለሆነ፣ የሁሉንም አበዳሪዎች «ኤ» ጎን ለጎን አድርጉ። በተቻለ መጠን የአንድ ቀን ዋጋ ይሁን፤ ወለድ በየቀኑ ይለዋወጣል።

«ፊክስድ ነው፣ አይጨምርም» ማለት

እኔ የተቀጣሁት እዚህ ላይ ነው። የገዛሁት አዲስ የተሠራ ታውንሀውስ ነበር። በክሎዚንጉ ጊዜ ለኤስክሮ (ታክስና ኢንሹራንስ እንዲከፈልልን በየወሩ ከክፍያችን ለሚጠራቀምበት ሒሳብ) የተያዘው ፕሮፐርቲ ታክስ የተሰላው ቤቱ ሳይሠራ በፊት በመሬቱ ላይ በተተመነው ነው። ማንም አልነገረኝም፣ እኔም አልጠየቅሁም። በዓመቱ ቤቱ ተገምቶ ታክሱ ሲመጣ ኤስክሮው ባዶ ሆነ፣ ወርሃዊ ክፍያዬ ከ400 ዶላር በላይ ዘለለ። ደብዳቤውን የከፈትኩበትን ምሽት አልረሳውም፤ ስህተት መስሎኝ ሦስት ጊዜ ደወልኩ። ስህተት አልነበረም። ካለፈው ዓመት የጎደለውን በ12 ወር ከፋፍለው ያስከፍላሉ፣ በዚያ ላይ ለሚመጣው ዓመት አዲሱን ታክስ ይሰበስባሉ። ሁለቱ አንድ ላይ ነው የሚወርዱት።

ፊክስድ የሚሆነው ዋናው ብድርና ወለዱ ብቻ ነው። ታክስና ኢንሹራንስ ይንቀሳቀሳሉ። ሜሪላንድ ቤትን በየሦስት ዓመቱ ይገምታል፤ በቨርጂኒያ ፌርፋክስ ካውንቲ በየዓመቱ ነው። ስለዚህ የምትገዙትን ቤት የአሁኑን ባለቤት ታክስ አይታችሁ አትርኩ፤ በእናንተ የግዢ ዋጋ ላይ የካውንቲውን መጠን አስልታችሁ ያዙ። አዲስ ቤት ከሆነ «ይህ ታክስ በመሬቱ ላይ ነው ወይስ በቤቱም ላይ?» ብላችሁ በጽሑፍ ጠይቁ። ሜሪላንድ ውስጥ የምትኖሩበት ቤት ከሆነ «ሆምስቴድ» የሚባለውን የታክስ ቅናሽ አመልክቱ። ግምቱ ሲያድግ ታክስ የሚከፈልበት መጠን በየዓመቱ ከተወሰነ ጣሪያ በላይ እንዳይዘል ያደርጋል። ማመልከቻው የሚሞላው አንድ ጊዜ ነው፣ ካልሞላችሁት ግን በራሱ አይመጣም።

የኤችኦኤ (የሰፈሩ የቤት ባለቤቶች ማኅበር) እና የኮንዶ ክፍያ ደግሞ ብዙ ጊዜ ከሞርጌጁ ውጭ፣ ለብቻው ነው የሚከፈለው። ኮንዶ ከሆነ የማኅበሩ የመጠባበቂያ ገንዘብ ስንት እንደሆነ ጠይቁ፤ ሣጥኑ ባዶ ከሆነና ጣሪያው ካረጀ የጥገናው ወጪ በየድርሻችሁ እናንተ ላይ ይደርሳል።

የሞርጌጅ ኢንሹራንሱን እንደ ዘላለም ዕጣ መቀበል

ከ20 በመቶ በታች ዳውን ፔይመንት (ከቤቱ ዋጋ ከኪሳችሁ የምትከፍሉትን ቅድመ ክፍያ) ከፍላችሁ የተለመደውን፣ ኮንቬንሽናል የሚባለውን ብድር ስትወስዱ ፒኤምአይ የሚባል የሞርጌጅ ኢንሹራንስ ይጨመርባችኋል። ይህ ኢንሹራንስ የሚጠብቀው አበዳሪውን ነው፣ እናንተን አይደለም። በ1998 የወጣው የቤት ባለቤቶች ጥበቃ ሕግ መሠረት ክፍያችሁን በአግባቡ የምትከፍሉ ከሆነ፣ ዕዳው ቤቱ በተገዛበት ዋጋ 80 በመቶ ላይ ሲደርስ እንዲነሳላችሁ በጽሑፍ መጠየቅ ትችላላችሁ። በብድሩ የክፍያ መርሐ ግብር 78 በመቶ ሲደርስ ደግሞ አበዳሪው ራሱ የማንሳት ግዴታ አለበት። በ80ና በ78 መካከል ያሉት ወራት ገንዘብ ናቸው፤ ቀኑን ካላንደራችሁ ላይ ጻፉት።

ኤፍኤችኤ፣ መንግሥት ዋስ የሚሆንበት ብድር፣ ሌላ ነው። በ3.5 በመቶ ዳውን ስለሚያስገባ ለብዙዎቻችን የመጀመሪያው በር እሱ ነው፣ አልነቅፈውም። ዋጋውን ግን እወቁ። ሲጀመር የብድሩ 1.75 በመቶ ይጠየቃል። በ400,000 ላይ 7,000 ዶላር ነው፤ ብዙ ጊዜም ብድሩ ላይ ይደመራል። ያቺ 7,000 በ6.5 በመቶ 30 ዓመት ስትከፈል ወደ 15,900 ትጠጋለች። በዚያ ላይ ዓመታዊ ኢንሹራንስ አለ፣ ለአብዛኞቹ ተበዳሪዎች 0.55 በመቶ። ከ10 በመቶ በታች ዳውን የከፈለ ሰው ይህን እስከ ብድሩ ፍጻሜ ይከፍላል፤ 80 በመቶ ደረስኩ ብሎ ማስነሳት አይችልም። መውጫው ክሬዲትን አሻሽሎ፣ ዕዳው ሲቀንስ ወይም የቤቱ ዋጋ ሲያድግ ወደ ኮንቬንሽናል ማዞር ነው።

ወለድ ወረደ ተብሎ ሠላሳ ዓመትን እንደገና መጀመር

የቤት ብድሮችን ከአበዳሪዎች የሚገዛው ፍሬዲ ማክ በሚያወጣው ሳምንታዊ አማካይ የ30 ዓመት ወለድ በጥር 2021 ወደ 2.65 በመቶ ወርዶ፣ በጥቅምት 2023 ደግሞ 7.79 ደርሶ ነበር። በከፍታው ዘመን የገዛ ሰው ወለድ ሲወርድ ሪፋይናንስ ማድረግ መመኘቱ ትክክል ነው። ስህተቱ የሚመጣው ወርሃዊው ስለቀነሰ ብቻ ተተረፈ ሲባል ነው።

አምስት ዓመት ከፍላችሁ 374,400 ሲቀራችሁ፣ 6 በመቶ ተገኘና እንደገና ለ30 ዓመት ፈረማችሁ እንበል። ወርሃዊው ከ2,528 ወደ 2,245 ይወርዳል፤ በወር 283 ዶላር እፎይታ ነው። ግን የድሮው ብድር የቀረው 25 ዓመት በድምሩ 758,500 ዶላር ነበር፣ አዲሱ 30 ዓመት 808,200 ነው። ወለዱ ቀንሶ 49,700 ዶላር ጨመራችሁ፣ የክሎዚንግ ወጪው ሳይቆጠር።

ያንኑ ሪፋይናንስ አድርጋችሁ ግን ወርሃዊውን በድሮው 2,528 ላይ ብታቆዩት፣ ብድሩ 22 ዓመት ተኩል ገደማ ላይ ያልቃል። ከድሮው ብድር ጋር ሲተያይ ወደ 74,600 ዶላር ይተርፋችኋል። አንድ ወለድ፣ አንድ ቤት፤ ልዩነቱ የተረፈችው 283 ዶላር የት እንደገባች ነው። ሥራ የቀነሰበት ወይም የታመመ ሰው ወርሃዊውን ለማቅለል 30 ዓመት ቢጀምር አልፈርድበትም። አውቆ ያድርገው ነው የምለው።

«ወለዱን ታክስ ይመልስልናል» ብሎ ማሰብ

አይመልስም። የሞርጌጅ ወለድ የሚቀነሰው ታክስ ከሚከፈልበት ገቢ ላይ ነው፣ ያውም ተቀናሾቻችሁን አንድ በአንድ የምትዘረዝሩ ከሆነ። በ2025 ታክሳቸውን በጋራ ለሚያስገቡ ባልና ሚስት ማንም ሳይዘረዝር የሚያገኘው ተቀናሽ 31,500 ዶላር ነበር። ወለዳችሁ፣ ፕሮፐርቲ ታክሳችሁ፣ የስቴት ታክሳችሁና ምጽዋታችሁ ተደምሮ 38,000 ቢደርስ ጥቅሙ ከ31,500 በላይ ባለው 6,500 ላይ ብቻ ነው። 22 በመቶ የታክስ እርከን ላይ ከሆናችሁ 1,430 ዶላር ማለት ነው። በምሳሌያችን በመጀመሪያው ዓመት ብቻ የከፈላችሁት ወለድ ወደ 25,900 ነው።

ቶሎ ለመሸጥ እያሰቡ መግዛት

ሁለት ሦስት ዓመት ብቻ ለመቆየት የምታስቡ ከሆነ መግቢያና መውጫው ይበላችኋል። የክሎዚንግ ወጪ ከፍላችሁ ትገባላችሁ፤ ስትወጡ የኤጀንት ኮሚሽንና የዝውውር ታክስ አለ። በእነዚህ ዓመታት ዕዳው ብዙም እንዳልተነካ ከላይ አይተናል። በየዓመቱ የቤቱን ዋጋ 1 በመቶ ያህል ለጥገና መያዝም የቆየ ልማድ ነው፤ ማሞቂያው ሲሞት ለአከራይ መደወል ቀርቷል።

ተጨማሪ ገንዘብ ከፍሎ አለመከታተል

እቁብ ሲደርሳችሁ ወይም የታክስ ተመላሽ ሲገባ ብድሩ ላይ ማሳረፍ ትልቅ ጥበብ ነው። በምሳሌያችን ገና በመጀመሪያው ላይ 10,000 ዶላር ዋናው ብድር ላይ ቢገባ፣ ከመጨረሻው 26 ወር ገደማ ይቆረጣል፤ 65,000 ዶላር የሚሆን ክፍያ ማለት ነው። በመጀመሪያ ግን የክሬዲት ካርድ ዕዳ ይጽዳ፣ የጥቂት ወራት ወጪም በእጅ ይኑር፤ ቤት ውስጥ የገባ ገንዘብ በቸገረ ቀን በቀላሉ አይወጣም። በ2021 ከ3 በመቶ በታች ብድር የያዛችሁ ደግሞ አትቸኩሉ፤ የቁጠባ ሒሳብ ከዚያ የተሻለ ወለድ እስከከፈለ ድረስ ገንዘቡን እዚያ ብታቆዩት ይሻላል።

ስትከፍሉ «ለፕሪንሲፓል (ለዋናው ብድር) ብቻ» የሚለውን ምረጡ። ካልመረጣችሁ አንዳንድ ክፍያ ሰብሳቢዎች ገንዘቡን የሚቀጥለው ወር ክፍያ አድርገው ሊይዙት ይችላሉ፤ ያኔ ወለዱ እንዳለ ይቀጥላል። በሚቀጥለው ወር ስቴትመንቱን አውጡና ዋናው ዕዳ ከመደበኛው ቅናሽ በላይ በትክክል የጨመራችሁትን ያህል መውረዱን ተመልከቱ። ካልወረደ በዚያው ቀን ደውሉ፣ እንዲያስተካክሉትም በጽሑፍ ጠይቁ።