ስትቀዱ ድምፃችሁ ዘግይቶ እንዳይሰማችሁ እንዴት ማስተካከል ይቻላል?

ማይክ ላይ ትዘፍናላችሁ፣ ድምፃችሁ በማዳመጫው ትንሽ ዘግይቶ ይመጣል፣ ምቱ ይጠፋባችኋል። ላተንሲ የሚባለው ይሄ ነው። ብዙ ሰው ሲገጥመው አዲስ ኮምፒውተር መግዛት ያምረዋል። አትቸኩሉ። አብዛኛውን ጊዜ በሴቲንግ የሚፈታ ነገር ነው።

መጀመሪያ ድራይቨሩን፣ ማለትም ኮምፒውተሩን ከድምፅ መሣሪያው ጋር የሚያግባባውን ፕሮግራም፣ እዩ። ዊንዶውስ ከሆነ የኦዲዮ ኢንተርፌሳችሁ (ማይኩን ከኮምፒውተሩ ጋር የሚያገናኘው መሣሪያ) አምራች የሰራውን የአሲዮ (ASIO) ድራይቨር ጫኑና በቀረጻ ሶፍትዌሩ ውስጥ እሱን ምረጡ። አሲዮን ስታይንበርግ ያወጣው እ.ኤ.አ. በ1997 ነው፤ ሶፍትዌሩ በዊንዶውስ የድምፅ ሲስተም በኩል ሳይዞር በቀጥታ ከኢንተርፌሱ ጋር እንዲገናኝ ያደርጋል። ማክ ላይ ኮር ኦዲዮ አብሮ ስለሚመጣ ይህን እለፉት።

ቀጥሎ ባፈር ሳይዝ። ዋናው ጨዋታ እዚህ ጋ ነው። ኮምፒውተሩ የድምፁን ናሙናዎች እያጠራቀመ ነው የሚሰራቸው፤ ባፈር ማለት በአንድ ዙር የሚጠራቀመው ብዛት ነው። ባፈሩን ለሳምፕል ሬቱ (በሰከንድ ለሚወሰዱት ናሙናዎች ብዛት) ስታካፍሉት መዘግየቱን ታገኛላችሁ። በ48,000 ኸርዝ 1024 ማለት 21 ሚሊሰከንድ ገደማ ነው፣ 128 ደግሞ 2.7 ገደማ። ድምፁ ገብቶ ስለሚወጣ እጥፉን ያዙ፣ ኢንተርፌሱም የራሱን ትንሽ ይጨምርበታል። ስለዚህ ስትቀዱ 64 ወይም 128 አድርጉት፤ ድምፁ መቆራረጥ ወይም መንጣጣት ከጀመረ ወደ 256 ከፍ አድርጉት። ሚክስ (የተቀዱትን ድምፆች ማዋሃድ) ስትጀምሩ ግን 1024 ላይ ስቀሉት። ያኔ የሚዘፍን ሰው ስለሌለ መዘግየቱ ማንንም አይረብሽም፣ ፕሮሰሰሩም እፎይ ይላል።

ሳምፕል ሬቱን ወደ 96,000 አሳድጉ የሚሉ አሉ። እውነት ነው፣ ያው ባፈር በግማሽ ጊዜ ይሞላል። ግን ፕሮሰሰሩ ላይ ሥራው እጥፍ ይሆናል፣ ፋይሉም እንደዚያው። እኔ ከ48,000 አልነቃነቅም።

አሁን ወደ ፕለጊኖቹ፣ ሶፍትዌሩ ውስጥ ድምፁን ወደሚያስተካክሉት ትንንሽ ፕሮግራሞች። ሊኒየር ፌዝ ኢኩዋላይዘርና መጪውን ድምፅ ቀድመው እያዩ የሚሰሩ ሊሚተሮች፣ ባፈሩን ምንም ያህል ብታሳንሱት፣ የራሳቸውን መዘግየት ይዘው ይመጣሉ። ስትቀዱ አጥፏቸው፣ ማስተር ትራኩ (የሁሉም ትራኮች ድምፅ የሚያልፍበት) ላይ ያሉትንም ጭምር። የከበዷችሁን ትራኮች ፍሪዝ አድርጓቸው፤ ማለትም ፕለጊኖቹ በየጊዜው እንዳይሰሩ ውጤታቸው እንደ ድምፅ ፋይል ይቀመጥ። ኮምፒውተር መግዛታችሁ ካልቀረም የኮር (ፕሮሰሰሩ ውስጥ ለየብቻቸው የሚሰሩ ክፍሎች) ብዛት ብቻ አይታችሁ አትወስኑ፦ አንድ ትራክ ላይ የተደረደሩ ፕለጊኖች አንዱ የሌላውን ውጤት ስለሚጠብቅ አብዛኛውን ጊዜ ሁሉም የሚሰሩት በአንድ ኮር ነው፤ ስለዚህ የእያንዳንዱ ኮር ፍጥነትም ወሳኝ ነው።

ይህ ሁሉ አልሆን ካለ ኢንተርፌሱ ላይ ዳይሬክት ሞኒተር የሚል ቁልፍ ፈልጉ። ድምፃችሁ ኮምፒውተሩ ውስጥ ሳይገባ በቀጥታ ወደ ማዳመጫችሁ ይመጣል። የፕለጊን ሪቨርብ (የማስተጋባት ውጤት) አትሰሙም፣ ያንን ቻሉት። ሶፍትዌሩ ውስጥ ያለውን የሞኒተር ቁልፍ ግን አጥፉት፤ አለዚያ ራሳችሁን ሁለት ጊዜ ትሰማላችሁ።