የዝውውር ደብዳቤ የደረሰው የሕንድ ሐኪም ፍርድ ቤት ሲሄድ የሚሠራቸው ስህተቶች

ሕንድ ውስጥ ለመንግሥት ሐኪም የዝውውር ደብዳቤ አይቀሬ ነው። ጤና በሕገ መንግሥቱ የግዛቶች ሥልጣን ስለሆነ፣ ሐኪሙን የሚቀጥረውም የሚያዛውረውም በአብዛኛው የግዛቱ መንግሥት ነው። ደብዳቤው ከከተማ ወደ ገጠር የሚልክ ከሆነ ደግሞ ወደ ጠበቃ መሮጥ ይመጣል። ነገሩ የሚበላሸውም ብዙ ጊዜ እዚሁ መጀመሪያው ላይ ነው። (ዓመቶቹ በሙሉ እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው።)

የመጀመሪያው ስህተት ችግርን ብቻ ይዞ መቅረብ ነው። «ባለቤቴ የምትሠራው እዚህ ነው፣ ልጆቼ ትምህርት ላይ ናቸው፣ እኔም ያመኛል።» አንጀት ይበላል፣ ግን መዝገብ አያሸንፍም። በ1993 የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ያየው ጉዳይ ልክ እንዲህ ያለ ነበር። ሰውየው ሐኪም አይደለም፤ ሺሎንግ ከተማ በመንግሥት የዕፅዋት ጥናት ተቋም ይሠራል። ሚስቱ እዚያው ተቀጣሪ፣ ልጆቹ እዚያው ተማሪዎች ናቸው። መመሪያውም ባልና ሚስት በተቻለ መጠን አንድ ቦታ ይመደቡ ይላል። የመንግሥት ሠራተኞችን የሥራ ክርክር የሚያየው የአስተዳደር ትሪቡናል ዝውውሩን ሻረለት። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ግን ውሳኔውን ገለበጠው። ማን የት ይሥራ የሚለውን የሚወስነው አሠሪው ነው፣ መመሪያም በፍርድ ቤት የሚያስከብሩት መብት አይሰጥም አለ። ዳኛ እጁን የሚያስገባው አስገዳጅ ሕግ ሲጣስ ወይም ተንኮል ሲረጋገጥ ነው።

ስለዚህ የግዛቱን ሕግ ሳያነቡ መክሰስ ሁለተኛው ስህተት ነው። ካርናታካ በ2011 የሐኪሞችንና የሌሎች የጤና ሠራተኞችን ዝውውር ብቻ የሚመለከት ሕግ አውጥታለች። በማሃራሽትራ የ2005 ሕግ ደግሞ አንድ የመንግሥት ሠራተኛ በመደበኛው በአንድ ቦታ 3 ዓመት ይቆያል፤ ዝውውርም የሚደረገው ኤፕሪል ወይም ሜይ ላይ ነው። ከዚያ ውጭ ከሆነ በጽሑፍ የሰፈረ ምክንያትና የበላይ አካል ፈቃድ ያስፈልጋል። ዓመት ተኩል እንኳ ሳይሞላው ኦክቶበር ላይ የተነሣ ሐኪም ስለ ቤተሰቡ ከማውራቱ በፊት «ምክንያቱ የት ተጻፈ? ማን ፈቀደ?» ብሎ ይጠይቅ። ይህ ጥያቄ ከአሥር የሕክምና ማስረጃ ይበልጣል።

ከሁሉም የከፋው ግን «አመልክቻለሁ» ብሎ ቤት መቀመጥ ነው። ማመልከቻ እግድ አይደለም። የጉጃራት ኤሌክትሪክ ቦርድ ሠራተኛ የነበረ መሐንዲስ ዝውውሩን ተቃውሞ አመለከተ፤ ወደ አዲሱ ቦታ ግን አልሄደም። ከሥራ ተሰናበተ፣ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱም በ1989 ስንብቱን አጸናው። እግድ እስካልተገኘ ድረስ «መብቴ እንደተጠበቀ ሆኖ» ብሎ ጽፎ ሪፖርት ማድረግ ይሻላል። ያለበለዚያ የዝውውር ክርክሩ ወደ ዲሲፕሊን ክስ ይዞራል፣ ደመወዝም ይቆማል።

ማዘግየትም አለ። ለትሪቡናል ያለው የአቤቱታ ጊዜ በመሠረቱ 1 ዓመት ነው። ይህን ሰምቶ ዘና የሚል ሰው አይጠፋም። ነገር ግን መሸኛ ተሰጥቶ፣ ተተኪው መጥቶ ርክክብ ካለቀ በኋላ ምኑ ይታገዳል? ተተኪውን ሐኪም በተጠሪነት አለማካተትም ያው ነው፤ ቦታውን የሚያጣው እሱ ስለሆነ ሳይሰማ ሊወሰንበት አይገባም።

የአስተዳደር ትሪቡናል ባለበት ግዛት በቀጥታ ወደ ከፍተኛው ፍርድ ቤት መሄድ ጊዜ ማባከን ነው። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ1997 በሰጠው ፍርድ መሠረት መጀመሪያ ትሪቡናል፣ ከዚያ ነው የከፍተኛው ፍርድ ቤት የሁለት ዳኞች ችሎት።

«ቂም ይዘውብኝ ነው» የሚለው ክስ ደግሞ ለአፍ ይቀላል። የታሚል ናዱ ግዛት ዋና ጸሐፊ የነበሩት ሮያፓ በግዛቱ ዋና ሚኒስትር በካሩናኒዲ ላይ ይህንኑ አቅርበው በ1973 ተረቱ። የማስረዳት ሸክሙ በጣም ከባድ ነው ተባሉ። የተሳካለትም አለ። አንድ የኤክሳይዝ ታክስ ሹም ስም በሌለው ጥቆማ ተመረመረ፣ ምንም አልተገኘበትም፣ ሆኖም ከቦፓል ወደ ሺሎንግ ተዛወረ። በ2008 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በቅጣት ምትክ የሚደረግ ዝውውር ሕገ ወጥ ነው ብሎ ሻረው። ልዩነቱ ወረቀት ነው፤ ጥቆማውም የምርመራው ውጤትም በፋይሉ ውስጥ ነበሩ።

መጨረሻ የማነሳው የምክር ቤት አባል ደብዳቤ ማጻፍን ነው። የማዕከላዊ መንግሥት ሠራተኞች የ1964 የሥነ ምግባር ደንብ በአንቀጽ 20 ለሥራ ጉዳይ የፖለቲካ ተጽዕኖ መጠቀምን ይከለክላል፤ በግዛቶችም ተመሳሳይ ደንቦች አሉ። በተቃራኒው ተተኪው የመጣው በእንዲህ ያለ ደብዳቤ ከሆነ ለከሳሹ ጥሩ ማስረጃ ነው። ፋይሉን በ2005 የመረጃ መብት ሕግ መጠየቅ ይቻላል። መሥሪያ ቤቱ ለመመለስ 30 ቀን ስላለው፣ ጥያቄው የዝውውር ደብዳቤው በደረሰበት ሳምንት ቢገባ ይመረጣል።